ጎተራው ሞልቶ ግንባሩ ሲራብ፦ የአንባቢያን ጥያቄና መልስ

በዚህ ወር ከጎጃም ከተሞች ከደረሱን ደብዳቤዎች ብዙዎቹ ስለ አንድ የኮምፒውተር ጨዋታ የሚጠይቁ ናቸው፤ የስዊድኑ ፓራዶክስ እ.ኤ.አ. በ2016 ስላወጣው «ኸርትስ ኦፍ አይረን 4»። ጨዋታው ከጃንዋሪ 1፣ 1936፣ በእኛ ከታኅሣሥ 22፣ 1928 ይጀምራል። ተጫዋቹ አንድ አገር ይመርጥና ከፋብሪካው እስከ ግንባሩ ያለውን ሁሉ ይመራል። ጠያቂዎቻችን ያነሱት ጉዳይ ሲጨመቅ አንድ ነው፦ መጋዘን ውስጥ የተከመረው ትጥቅ ምን ይደረግ? ከዚህ በታች የሰፈሩት ቁጥሮች ምርምርና ሕግ ያልነካቸው የጨዋታው መነሻ ቁጥሮች ናቸው። ገጹ በእንግሊዝኛ ስለሆነ የአዝራሮቹን ስም ሳንተረጉም በፊደላችን አስፍረነዋል።

ጥያቄ፦ ጤና ይስጥልኝ አዘጋጆች። ጀርመንን ይዤ እየተጫወትኩ ነው። ጊዜው የ1938 አጋማሽ ነው። 60 ክፍለ ጦር አለኝ፤ መጋዘኔ ውስጥ 14,000 የእግረኛ ትጥቅ ተከምሯል፤ ታንክ ግን ከቁጥር የሚገባ የለኝም። 20 የጦር ፋብሪካ ጠብመንጃ ላይ ነው ያለው። ሁሉንም ነቅዬ ወደ ታንክ ላዙረው? (ከደብረ ማርቆስ፣ የዩኒቨርሲቲ ተማሪ)

መልስ፦ ሁሉንም አይንቀሉ። መጀመሪያ ከ14,000ው ውስጥ እውነተኛው ትርፍ ስንት እንደሆነ እንለይ።

አንድ የእግረኛ ሻለቃ 1,000 ሰውና 100 የእግረኛ ትጥቅ ይይዛል። የእርስዎ ክፍለ ጦር እንደተለመደው 9 ሻለቃ ከሆነ 900 ነው፤ መሐንዲስ ሻምበል ሲታከልበት 10 ይጨምራል፤ 910። በ60 ሲባዛ 54,600 ይመጣል። ሠራዊቱ ሙሉ ትጥቁን ታጥቋል ማለት ይህን ያህል በወታደር እጅ አለ ማለት ነው። እኛ የምንመክረው ልክ ይህ ነው፦ በሰላም ጊዜ በወታደር እጅ ካለው አንድ አሥረኛ፣ ጦርነት ሊጀመር ሲል ደግሞ አንድ አምስተኛ በመጋዘን ይቀመጥ። ጀርመን ከፖላንድ ጋር የምትጋጠመው በሴፕቴምበር 1939 ስለሆነ የእርስዎ ልክ ሁለተኛው ነው፤ 10,920። እንግዲህ ከ14,000ው ላይ ትርፍ ሊባል የሚችለው 3,080 ብቻ ነው። ለዘር የተቀመጠ ጤፍ ከሚበላው ጋር ተደባልቆ ሲታይ ጎተራው ይበዛል፤ ነገሩ ወዲህ ነው።

ስለዚህ የሚያሳስበው ክምሩ ሳይሆን ክምሩን የሚያሳድገው ፍጥነት ነው። ፕሮዳክሽን የሚለውን ገጽ ይክፈቱና የጠብመንጃውን ካርድ ጠጋ ብለው ይዩት። የፋብሪካዎቹ ምስሎች በተርታ ተደርድረዋል፤ አጠገባቸው የቅልጥፍና መስመር አለ። አንድ የጦር ፋብሪካ ቅልጥፍናው መቶ በመቶ ሲሞላ በቀን 4.5 የምርት አሃድ ይሠራል። የ1936ቱ ሞዴል ጠብመንጃ ዋጋው 0.5 አሃድ ነው። አዲስ ፋብሪካ በ10 በመቶ ይጀምርና ምርምር ጣሪያውን እስኪያነሳለት ድረስ 50 በመቶ ላይ ይቆማል። በ50 በመቶ አንድ ፋብሪካ በቀን 4.5 ጠብመንጃ፣ 20ው ፋብሪካ 90፣ በወር 2,700 ያወጣሉ። ይህ በየወሩ 3 አዲስ ክፍለ ጦር ያስታጥቃል። አሁን ራስዎን ይጠይቁ፦ በየወሩ 3 ክፍለ ጦር እየመለመልኩ ነው? ካልሆነ ልዩነቱ በሙሉ መጋዘን ገብቶ ይተኛል፤ ታንክ ሊሠራ የሚችል ጉልበት ነው አብሮ የሚተኛው።

አደራረጉ እንዲህ ነው። በመጀመሪያው ዙር ከ20ው 8ቱን ብቻ ያንሱ። ፋብሪካ ከመስመር ላይ ሲነሳ ያካበተው ቅልጥፍና አብሮት አይሄድም፤ ታንክ ላይ ሲተከል እንደ አዲስ ከ10 በመቶ ይጀምራል። ሁሉንም በአንድ ቀን የሚያዞር ሰው ሁለት ጊዜ ይከስራል፤ ታንኩ ለወራት እየተንፏቀቀ ይወጣል፣ ጦርነቱ ሲጀመር ደግሞ ጠብመንጃ ቤቱን እንደገና ከ10 በመቶ ማሳደግ ግድ ይሆናል። የቀሩት 12 ፋብሪካዎች በወር 1,620 ያወጣሉ፤ ይህ ለአንድ ክፍለ ጦር ምልመላ በቂ ሆኖ 700 ያህል ያስተርፋል። ሁለት ወር ጠብቀው የመጋዘኑን ክምችት የሚያሳየውን ሎጂስቲክስ ገጽ ይዩ፤ ክምሩ አሁንም ካደገ 3 ወይም 4 ይጨምሩ።

ሁለተኛው ነጥብ የመስመሮቹ ቅደም ተከተል ነው። ብረት ሲያንስ ጨዋታው የሚያድለው ከላይ ወደ ታች ነው። የታንኩ መስመር ከጠብመንጃው በታች ከተቀመጠ ጠብመንጃው ብረቱን ይጨርስና ታንኩ በባዶ ይሠራል። የታንኩን ካርድ ጎትተው ከላይ ያስቀምጡት። ከውጭ የሚገዛ ብረት ካለም አስሉት፦ 8 አሃድ ጥሬ ዕቃ አንድ የሲቪል ፋብሪካ ያስከፍላል። ካርዱ ላይ በአንድ ፋብሪካ 2 ብረት ይፈልጋል የሚል ካዩ፣ 4 ፋብሪካ በመዝጋት ብቻ አንድ የሲቪል ፋብሪካ ወደ ግንባታ ይመለስልዎታል። ብዙ ተጫዋች ይህን አያየውም፤ ያለ ልክ የሚመረት ጠብመንጃ የመንገዱንና የፋብሪካ ግንባታውን ጉልበትም ይበላል።

ለ3,080ው የሚቀርበው መፍትሔ 3 አዲስ ክፍለ ጦር ማቆም ነው። መሐንዲስና ደጋፊ መድፍ ካላቸው እያንዳንዳቸው 9,600 ሰው፣ 30 ደጋፊ ዕቃና 12 መድፍ ይጠይቃሉ። ጠብመንጃው ተርፎ ደጋፊ ዕቃው ካነሰ ክፍለ ጦሩ ሳይሞላ ስለሚቀር ምልመላውን ከማዘዝዎ በፊት ሁለቱንም ይቁጠሩ።

ጥያቄ፦ ሎጂስቲክስ ገጹ ላይ ሁሉም ነገር ሞልቷል ይላል፤ ሩሲያ ውስጥ ያለው ጦሬ ግን ትጥቁ በግማሽ ጎድሏል። ዕቃው የት ነው የሚቀረው? (ከባሕር ዳር)

መልስ፦ ይህ ጥያቄ በጎጃም ምድር በእውነተኛው ጦርነት ተጠይቋል። ጥር 12፣ 1933 ዓ.ም. ንጉሠ ነገሥቱ ከሱዳን ተነሥተው በኦሜድላ ሲገቡ ስንቅና ጥይት ወደ በላያ ተራራ የሚያደርሱት ግመሎች ነበሩ። በሺዎች ተነዱ፤ አብዛኞቹ በመንገድ አለቁ። ካርቱም ያለ ጥይት ቡሬ ላለ ተዋጊ ምኑም አይደለም። ጨዋታው ይህን እውነት እ.ኤ.አ. በ2021 በወጣው ማሻሻያ በደንብ አስገብቶታል፤ ባቡር፣ የባቡር ሐዲድ ደረጃ፣ የአቅርቦት ማዕከልና የጭነት መኪና የሚቆጠሩት ከዚያ ወዲህ ነው።

ሦስት ነገር ይመርምሩ። አንደኛ፣ የአቅርቦት ካርታውን ይክፈቱ። ሐዲድ ከ1 እስከ 5 ደረጃ አለው፤ ከዋና ከተማ እስከ ግንባር ባለው መስመር ላይ አንድ ቦታ ደረጃ 1 ከሆነ ሌላው 4 ቢሆንም የሚያልፈው በዚያ ጠባብ በር ልክ ነው። ሲያሻሽሉ ያንን ቁራጭ ብቻ ያሻሽሉ፤ መስመሩን በሙሉ ማደስ የግንባታ ብክነት ነው። የአቅርቦት መስመሩ ጨርሶ የተቆረጠበት ክፍል ደግሞ ከመጋዘን ምንም አይደርሰውም፤ በብርድና በጭቃ የሚያጣውን ግን ማጣቱን ይቀጥላል።

ሁለተኛ፣ ቅድሚያ። እያንዳንዱ ቴምፕሌት (የክፍለ ጦሩ አደረጃጀት ንድፍ) ሦስት ደረጃ ቅድሚያ ሊሰጠው ይችላል። ግንባር ያለው ጦር ዝቅተኛው ላይ ተቀምጦ ከሆነ፣ ወይም 20 አዲስ ክፍለ ጦር ሥልጠና ላይ ካሉና እነሱም ከዚያው መጋዘን የሚቀዱ ከሆነ፣ የሚደርሰው ፍርፋሪ ነው። የግንባሩን ከፍ፣ የሠልጣኙን ዝቅ ያድርጉ።

ሦስተኛ፣ ክልከላ። ንድፉ በሚሠራበት ዲቪዥን ዲዛይነር ውስጥ ቴምፕሌቱ የትኛውን ሞዴል እንዲቀበል መፍቀድና መከልከል ይቻላል። አንድ ጊዜ «አሮጌ ጠብመንጃ አይግባ» ብለው ዘግተው ከረሱት፣ መጋዘኑ በአሮጌ ሞዴል ተሞልቶ ጦሩ አዲሱን እየጠበቀ ይጎድላል። ከሦስቱ በአንድ ደቂቃ የሚታየው ይህ ስለሆነ ምርመራውን ከዚህ ቢጀምሩ ጥሩ ነው።

ስለ ጭነት መኪና አንድ ቃል። መጋዘን የተረፈ የጭነት መኪና ካለዎት ለግንባሩ የአቅርቦት ማዕከል የሞተር ደረጃ ከፍ ያድርጉበት፤ ማዕከሉ የሚያደርስበት ርቀት ይሰፋል። እስከ ጦርነቱ መጨረሻ ድረስ ተረፈኝ የማይባልለት ዕቃ ቢኖር የጭነት መኪና ነው።

ጥያቄ፦ የ11ኛ ክፍል ተማሪ ነኝ። ትናንት የክፍለ ጦሮቼን ቴምፕሌት አስተካክዬ ስጨርስ በአንድ ጊዜ ወደ ሦስት ሺህ የሚጠጋ መድፍ መጋዘን ውስጥ ታየኝ። ጨዋታው ተበላሽቶ ነው? (ከሞጣ)

መልስ፦ አልተበላሸም፣ ወንድማችን። አንድ የመድፍ ሻለቃ 36 መድፍ ይይዛል። 40 ክፍለ ጦር ኖሮህ ከእያንዳንዱ 2 የመድፍ ሻለቃ ካወጣህ 40 በ2፣ በ36 ስታባዛው 2,880 ይሆናል። መድፉ ከወታደሩ እጅ ወጥቶ መጋዘን ገባ እንጂ ከሰማይ አልወረደም። ክፍለ ጦር ስትበትንም እንዲሁ ነው፤ ሰውም ትጥቅም ይመለሳል።

አንድ መድፍ 3.5 አሃድ ስለሚያወጣ እጅህ ላይ ያለው የ10,080 አሃድ ሥራ ነው። በከንቱ አትበትነው። ደጋፊ መድፍ የሌላቸው ክፍለ ጦሮች ካሉህ ለእያንዳንዳቸው አንድ ደጋፊ የመድፍ ሻምበል ስጥ፤ የሚወስደው 12 ብቻ ስለሆነ 480 መድፍ 40ውን ክፍለ ጦር ያዳርሳል። ከቀረው 500 ያህሉን ለመጠባበቂያ ያዝና የመድፍ ፋብሪካህን ወደ ሁለት ወይም ሦስት አውርደው። መስመሩን ግን ጨርሰህ አትዝጋው።

ጥያቄ፦ ኢትዮጵያን ይዞ የሚጫወት ሰው ስለ ትርፍ ምን ያወራል? ጠብመንጃ በጭራሽ አይበቃኝም። ከጣሊያን የሚማረከውስ ጥይቱ ይገጥማል? (ከፍኖተ ሰላም)

መልስ፦ በጨዋታው ኢትዮጵያ ስትጀምር ጦርነት ላይ ናት፤ ጣሊያን ከመስከረም 22፣ 1928 ጀምሮ ገብቷል። ፋብሪካ ለስም ያህል ነው ያለው። በዚህ ሁኔታ ትርፍ የሚገኘው ከፋብሪካ ሳይሆን ከራስዎ ጦር ውስጥ ነው። ትጥቃቸው ከግማሽ በታች የሆነ 10 ክፍለ ጦሮች ካሉዎት ደካማዎቹን 4 ወይም 5 ከግንባር አውጥተው ይበትኑ፤ የያዙት ጠብመንጃ ወደ መጋዘን ተመልሶ የቀሩትን ይሞላል። በተራራና በወንዝ ማዶ የተቀመጠ አንድ ሙሉ ክፍለ ጦር ከሁለት ባዶዎች ይሻላል። የተከበበ ጦር ግን አይበትኑ፤ መንገዱ እስኪከፈት ይጠብቁ። ምልመላ ላይ ያሉትንም ለጊዜው ያቁሙ፤ እያንዳንዱ ሠልጣኝ ከግንባሩ አፍ ነው የሚነጥቀው።

ጥይቱን በተመለከተ ጨዋታው ከታሪክ ይቀላል። አርበኛው ውጅግራ፣ ምንሽር፣ ለበንና ቤልጅግ ይዞ የየራሳቸውን ጥይት መፈለግ ነበረበት፤ የማይገጥም ጥይት በከረጢት ሞልቶ ባዶ ጠብመንጃ መያዝ የብዙ ሰው ዕጣ ነበር። ጨዋታው ግን የጠብመንጃውን አፍ አይለካም። የጣሊያን የእግረኛ ትጥቅ መጋዘንዎ ከገባ እንደ ራስዎ ያገለግላል። የምርኮውን ድርሻ የሚያሳድገው የጥገና ሻምበል ነው፤ ይህ ግን ምርምርና ደጋፊ ዕቃ ስለሚጠይቅ ኢትዮጵያ በመጀመሪያዎቹ ወራት አትደርስበትም። ቅድሚያ መጋዘኑን ከውስጥ ያስተካክሉ።

ጥያቄ፦ በየዓመቱ ጥር 23 ፈረሰኞቻችንን እያየሁ ስላደግኩ ነው መሰለኝ ፈረሰኛ ጦር ማብዛት እወዳለሁ። ጓደኞቼ ግን ዋጋ የለውም ይሉኛል። እውነት ነው? (ከእንጅባራ)

መልስ፦ ግንባር ላይ ጓደኞችዎ ትክክል ናቸው፤ ታንክና መትረየስ በሞላበት ሜዳ ፈረሰኛ ጉዳቱ ያመዝናል። ለትርፍ ጠብመንጃ ግን ከፈረሰኛ የተሻለ ማረፊያ የለም። የፈረሰኛ ሻለቃ 1,000 ሰውና 120 የእግረኛ ትጥቅ ይወስዳል፤ ፈረሱን ጨዋታው አይቆጥረውም። ሥራው የተያዘ ግዛት መጠበቅ ነው። ከፈረሰኛ ሻለቃዎች አንድ ቴምፕሌት ይሥሩ፤ የወታደራዊ ፖሊስ ሻምበል ይጨምሩበት፤ በወረራ ገጹ ላይ የጋሪሰን (የተያዘ ግዛት ጠባቂ ጦር) ቴምፕሌት አድርገው ይምረጡት። ይህ ጦር ካርታው ላይ አይታይም፤ የሚያስፈልገውን ሰውና ትጥቅ ጨዋታው ራሱ ከመጋዘን ይቆጥራል።

ቅድም የጠቀስነው የሞዴል ክልከላ እዚህ ላይ ጠቃሚ ይሆናል። ለጋሪሰኑ የተማረከውንና አሮጌውን ጠብመንጃ ብቻ ይፍቀዱለት፤ አዲሱ በሙሉ ለግንባር ይቀራል። አደጋው ይህ ነው፦ አሮጌው ያለቀ ቀን ጋሪሰኑ አዲሱን መውሰድ ስለማይችል ባዶ ይሆናል፤ በተያዘው አገር አመፅ ይነሳል፤ ፋብሪካና ሐዲድ ይበላሻል። የአሮጌው ክምር ከ2,000 በታች ሲወርድ ክልከላውን ያንሱ።

ጥያቄ፦ የተረፈኝን ትጥቅ ለወዳጅ አገር ብሰጥ ይሻላል ወይስ ብሸጥ? (ከዳንግላ)

መልስ፦ መሸጥ የሚቻለው እ.ኤ.አ. በ2023 የወጣው «አርምስ አጌንስት ቲራኒ» የሚባለው ተጨማሪ ክፍል ካለዎት ነው። እሱ ካለ ገዢው የሲቪል ፋብሪካዎቹን ለውሉ ጊዜ ያህል ለእርስዎ እንዲሠሩ ያደርጋል፤ ለትንሽ አገር ይህ ትልቅ ገቢ ነው። አንድ ቀን ሊዋጋዎት ለሚችል ጎረቤት ግን አይሽጡ። ክፍሉ ከሌለዎት የቀረው ሌንድ ሊዝ፣ ማለትም ትጥቁን ለሌላ አገር ያለ ክፍያ መስጠት ነው። የዲፕሎማሲ ገጹ ላይ አገሩን ይምረጡ፤ በዝርዝሩ ላይ ሞዴል በሞዴል ይዩና ከአሮጌው ይጀምሩ። ዲሞክራሲያዊ አገር ከያዙ የዓለም ውጥረት ዝቅተኛ በሆነበት ጊዜ እጅዎ ሊታሰር ይችላል። ጭነቱ ባሕር የሚያቋርጥ ከሆነም በሰርጓጅ መርከብ ሊሰጥም ስለሚችል መንገዱን የሚጠብቅ መርከብ ይመድቡ።

እንደ እኛ አስተያየት መስጠት የሚገባው ጠላትዎን ግንባር ላይ ይዞ ላቆመ አገር ነው፤ ለሚወድቅ አገር አይደለም። ሁለት ወር ሊቆም ለማይችል አገር 5,000 ጠብመንጃ መላክ 2,500 አሃድ መጣል ነው፤ በ50 በመቶ ቅልጥፍና 10 ፋብሪካ 111 ቀን የደከመበት።

ጥያቄ፦ ጊዜ ያለፈባቸውን ቀላል ታንኮች ምን ላድርጋቸው? (ከቡሬ)

መልስ፦ አይጣሉ። ጀርመን ቼኮዝሎቫኪያን ስትይዝ ያገኘችውን የ38ቲ ታንክ አካል በኋላ ማርደር 3 ለተባለው ፀረ ታንክ መድፍ ተሸካሚ፣ በ1944 ደግሞ ሄትዘር ለተባለው ተጠቀመችበት። ጨዋታውም ይህን በር ከፍቷል፤ ቀድሞ «ዌኪንግ ዘ ታይገር» በተባለው ተጨማሪ ክፍል የመጣ ነው፤ ፕሮዳክሽን ገጹ ላይ ኮንቨርት የሚለውን ይምረጡና አሮጌውን ታንክ በዚያው አካል ላይ ወደሚሠራ ፀረ ታንክ ወይም ራስ ገፊ መድፍ ይቀይሩ። ከአዲስ ሥራ ይረክሳል። መስመሩ መጋዘን ያለውን እንጂ ክፍለ ጦር የያዘውን ስለማይነካ፣ አሮጌ ታንክ የያዙት ክፍሎች አዲሱን እስኪረከቡ ይጠብቁ።

ጥያቄ፦ ነዳጄ ሞልቶ ቆሟል፤ 1,200 ያህል አሮጌ አውሮፕላንም አለኝ። (ከባሕር ዳር፣ ሌላ አንባቢ)

መልስ፦ ጠብመንጃ መጋዘን ውስጥ ነቀዝ አይበላውም፤ ማጠራቀሚያው ከሞላ በኋላ የሚገባ ነዳጅ ግን ሜዳ ላይ እንደ ፈሰሰ ይቆጠራል። ዛሬውኑ ከውጭ የሚገዙትን ዘይት ይቀንሱ፤ በየ8 አሃዱ አንድ የሲቪል ፋብሪካ ይመለስልዎታል። ከዚያም የታንክና የአየር ክፍሎችን ልምምድ ላይ ያውጡ። ልምምድ ጦሩን እስከ ሬጉላር (መደበኛ) የልምድ ደረጃ ያሳድጋል፣ ቴምፕሌት ለማስተካከል የሚያስፈልገውን የጦር ልምድም ይሰጣል። ትጥቅ እንደሚበላ ግን ይወቁ፤ ስለዚህ ትርፍ ባለበትና ጦርነት በሌለበት ጊዜ ብቻ ነው የሚያዋጣው። አውሮፕላኖቹን ሁሉ ለማሰማራት ካሰቡ አንድ የአየር ማረፊያ ደረጃ የሚይዘው 200 ነው፤ 6 ባዶ ደረጃ ያስፈልግዎታል። ከሌለ ለልምምድ የሚበቃውን ያህል ይያዙና ሌላውን በሌንድ ሊዝ ይስጡ።

ጥያቄ፦ ጠብመንጃ ስለሚተርፈኝ የጦር ፋብሪካዎቹን ወደ ሲቪል ብቀይርስ? (ከብቸና)

መልስ፦ ለአጭር ጊዜ ትርፍ አይመከርም። ከጦር ወደ ሲቪል መቀየር 9,000 አሃድ ይፈጃል፤ አንድ ግንባታ ላይ የሚሰማሩት 15 የሲቪል ፋብሪካዎች በቀን በድምሩ 75 ስለሚሠሩ 120 ቀን ነው። አዲስ የሲቪል ፋብሪካ ከባዶ ቦታ 10,800 ነው፤ ልዩነቱ ይህን ያህል አይደለም። ሐሳብዎን ቀይረው ወደ ጦር ልመልስ ቢሉ ሌላ 4,000 ይጨመራል። የሚያዋጣው የግንባታ ቦታ ላለቀበት አገር ብቻ ነው።

ጥያቄ፦ የምንጫወተው ጌም ቤት ባለ ደካማ ኮምፒውተር ነው። ትርፉን ወደ አዲስ ክፍለ ጦር ስቀይረው 1942 ላይ ጨዋታው መንቀሳቀስ ያቅተዋል። መብራትም በድንገት ይጠፋል። (ከደብረ ማርቆስ፣ ሦስት ጓደኛሞች)

መልስ፦ ማሽኑን የሚያደክመው የክፍለ ጦር ብዛት እንጂ የሰው ብዛት አይደለም። እያንዳንዱ ክፍለ ጦር መንገዱን፣ ስንቁንና ውጊያውን ለየብቻ ያሰላል። ስለዚህ ትርፉን ቁጥር በመጨመር ሳይሆን ክፍለ ጦሩን በማወፈር ይጠቀሙበት። አንድ ቴምፕሌት እስከ 25 ሻለቃ ይይዛል። 60 ክፍለ ጦርን ከ9 ወደ 12 ሻለቃ ብታሳድጉ 18,000 ጠብመንጃና 180,000 ሰው ይገባበታል፤ ካርታው ላይ ግን አንድም አዲስ ምልክት አይጨመርም። የውጊያ ስፋቱም፣ ማለትም አንድ ክፍለ ጦር በውጊያ ላይ የሚይዘው ቦታ፣ ከ18 ወደ 24 ያድጋል።

ስህተቱ የሚፈጸመው እዚህ ላይ ነው፦ ዋናውን ቴምፕሌት ከፍተው 3 ሻለቃ ሲጨምሩበት 60ውም በአንድ ቅጽበት ጎዶሎ ይሆናሉ፤ መጋዘኑም በአንድ ቀን ይደርቃል። በዚያ ሳምንት ጠላት ቢያጠቃ ግንባሩ አይቆምም። ይልቅ ቴምፕሌቱን ዱፕሊኬት አድርጋችሁ አዲስ ስም ስጡት፤ በቅጂው ላይ ሻለቃዎቹን ጨምሩ፤ ከግንባር ርቆ ያለውን አንድ ሠራዊት፣ 10 ወይም 12 ክፍለ ጦር ብቻ ወደ አዲሱ ቀይሩ። 12 ክፍለ ጦር 3,600 ጠብመንጃ ይወስዳል። የትጥቅ መስመራቸው አረንጓዴ ሲሆን ከግንባሩ ጋር አቀያይሯቸውና ቀጣዩን ሠራዊት ጀምሩ።

ለመብራቱ፣ ሴቲንግ ውስጥ ገብታችሁ አውቶሴቭን በየወሩ አድርጉት። ፋይሉ በዚያው ኮምፒውተር ላይ ብቻ እንዳይቀር ከመውጣታችሁ በፊት ዶክዩመንትስ ውስጥ ያለውን የሴቭ ጌምስ ፎልደር በፍላሽ ገልብጡት።